የወይራ ውሃዋ ወጌሻ

ባለፈው ሐምሌ ከመካነ ሰላም ገበያ ወደ ቤቴ ስመለስ፣ በተሳፈርኩበት ባጃጅ አንድ ሽማግሌ ገበሬ ከዝናቡ ሸሽተው አጠገቤ ገቡ። የተከናነቡት ባና ነበር። ባና የደጋው ሰው ከበግ ጠጉር የሚያሠራው ወፍራም ልብስ ነው፤ ሲደርቅ እንደ እሳት ይሞቃል፣ ውሃ ሲጠጣ ደግሞ እንደ ድንጋይ ይከብዳል። የረጠበው ጠጉር ሽታ ባጃጇን ሞላት። ወጣቱ ሾፌር በመስታወቱ አየኝና፣ «ማዘር፣ የጎኑን ሸራ ልግለጠው? ሽታው የከበደዎት መሰለኝ» አለኝ። ሽማግሌው አፈሩ። «አፉ በይኝ እህቴ፣ ዝናቡ ነው» አሉ። «ኧረ አብሽሩ!» አልኳቸው። «አንተም እንዳትገልጠው ልጄ፣ ይሽተተኝ።» ሁለቱም የቀለድኩ መስሏቸው ሳቁ። እኔ ግን የምሬን ነበር። በዚያ ሽታ ውስጥ ሃያ ሁለት ዓመቴ ነው፤ በሰው ትከሻ ላይ ተጋድሜ ሰማይ ሰማዩን እያየሁ ነው።

ያን ጊዜ በዓመተ ምሕረት አልቆጥረውም። መንግሥቱ የማን እንደነበረ፣ ስብሰባው ስለምን ይጠራ እንደነበረ የሚያስታውሱ ሌሎች አሉ። እኔ የማስታውሰው አራት እንቁላል በስሙኒ ይሸጥ እንደነበር፣ የቴትሮን ጉርድ ቀሚስ የለበሰች አስተማሪ መንገድ ላይ እንደ ሙሽራ ትታይ እንደነበር፣ ኮንጎ ጫማ ጭቃ ውስጥ ሲቀር ባለቤቱ ጎንበስ ብሎ በእጁ ሲፈልገው ነው። ከከላላ በበቅሎ መጥቼ መካነ ሰላም ትምህርት ቤት ተመደብኩ። ከተማው ውስጥ ያየሁት ኪራይ ሁሉ ለደመወዜ የሚበዛ ሆነብኝና፣ «ግማሽ ሰዓት መራመድ ከቻልሽ ወይራ ውሃ ሂጂ» አሉኝ። ሄድኩ። አንዲት ክፍል በወር አራት ብር አገኘሁ፤ ከክፍሏ ጋር ደግሞ ሰፈሩን በሙሉ በነጻ አገኘሁ ማለት እችላለሁ።

ወይራ ውሃ ከተማ ናት እንዳትሏት በሬ ይጠመድባታል። ገጠር ናት እንዳትሏት ወንዶቿ ጠዋት ሸሚዝ ለብሰው፣ ወደ ማዘጋጃ ቤት ዘበኝነትና ወደ ወፍጮ ቤት ሥራ ይወርዳሉ፤ ከሰዓት በኋላ ሸሚዙን አውልቀው ሞፈር ይይዛሉ። ማለዳ ወተትና የባሕር ዛፍ እንጨት ወደ ከተማ ይወርዳል፣ አመሻሽ ላይ ጨውና ላምባ ወደ ሰፈር ይወጣል። ስሟን ያገኘችው ከአንዲት ያረጀች ወይራ ሥር ከምትፈልቅ ምንጭ ነው። ውሃዋ ጥርስ ያሳምማል፤ ግን ከዚያ ውሃ የጠጣ ሰው ሌላ ውሃ አይጥመውም ይባል ነበር፣ እኔም እስከ ዛሬ አልጣመኝም። ስሙን ነግሮህ ሃይማኖቱን የማትገምተው ሰው የሞላባት ሰፈር ናት፤ መሐመድ የአባቱ ስም ወልዴ፣ ተዋበች የአባቷ ስም ሰይድ። ጥግ ላይ የነበረችው ሱቅ ክብሪት፣ ከረሜላና አንድ ሬዲዮ ነበራት። ሬዲዮው አቧራ እንዳይገባው አበባ የተጠለፈበት ልብስ ተሰፍቶለት ነበር፤ ዘፈን ሲመጣ ባለሱቁ ድምፁን ከፍ ያደርግና ምንጭ የወረዱት ሴቶች እንስራቸውን አዝለው ዘፈኑ እስኪያልቅ ይቆሙ ነበር።

ያከራዩኝ ባልና ሚስት ነበሩ። ባልየው አያ እንድሪስ የሰፈሩን ልጆች ቁርኣን ያቀራሉ። ማለዳ ልጆቹ የእንጨት ሉሃቸውን ጭናቸው ላይ አድርገው በአንድ ድምፅ ሲቀሩ እኔ ከአልጋዬ ሳልነሳ እሰማቸዋለሁ። ክርስቲያን ሆኜ ሳለሁ፣ ትርጉሙን ሳላውቅ ብዙውን በቃሌ ይዤው ነበር። አንድ ቀን ልብስ እያጠብኩ ሳንጎራጉር አያ እንድሪስ ሰሙኝና፣ «ወላሂ፣ ከደረሶቼ ሁሉ አንቺ ትሻያለሽ» ብለው እንደሳቁ ወደ ውስጥ ገቡ።

ሚስትየዋ እትዬ ዘሀራ ናቸው። የዛሬው ወሬዬ ስለ እሳቸው ነው።

እትዬ ዘሀራ ወጌሻ ነበሩ። አጥንት የተሰበረበት፣ ክንዱ የወለቀ፣ ከበቅሎ የወደቀ ሁሉ ከወግዲ፣ ከከላላ፣ ስሙን ከማላውቀው ቆላ ሳይቀር ወደ እሳቸው ደጅ ይመጣል። አርባ ዓመት ገና የሞላቸው፣ ቀጭን፣ ጥቁር ሻሽ የማይለያቸው ሴት ነበሩ። እጃቸው ግን የሌላ ሰው እጅ ይመስል ነበር፤ ሰፊ፣ ጣቶቹ ረጃጅም፣ መዳፉ ሁልጊዜ ሞቃት። የተሰበረውን ሲዳብሱ ዓይናቸውን ይጨፍናሉ። የሚያሳምመው ሰዓት ሲደርስ ደግሞ በሽተኛውን ያልጠበቀውን ነገር ይጠይቁታል። አንድ ከወግዲ የመጣ ትልቅ ሰውዬ ትከሻው ወልቆ ሲያቃስት፣ «ለመሆኑ የአማትህ እናት ስም ማን ነበር?» አሉት። ሰውዬው አፉን ከፍቶ ሲያስብ ትከሻው ቀጭ ብሎ ገባ። «ኧረ ዘነበች ነበር!» ብሎ ጮኸ፣ ሕመሙና ስሙ በአንድ ላይ ወጡ። ገንዘብ አይቀበሉም። የዳነ ሰው ቅቤ ወይም አንድ ዶሮ ይዞ ቢመጣ እምቢ አይሉም፣ ካልመጣም አይጠይቁም።

እኔ በዚያ ቤት ሁለት ዓመት ያህል እንደኖርኩ ነው ነገሩ የደረሰው። የዚያ ዓመት ክረምት ቀድሞ ገብቶ፣ ገና ሰኔ ሳያልቅ መንገዱ ሁሉ ጭቃ ሆኖ ነበር። ከትምህርት ቤት የፈተና ወረቀት ይዤ ስመለስ፣ በከተማውና በወይራ ውሃ መካከል ያለውን ቦረቦር እየወረድኩ ሳለ አፋፉ ከእግሬ ሥር ተናደ። ሰው ሲወድቅ እጁን ዘርግቶ የሆነ ነገር ይይዛል። እኔ ግን የተማሪዎቼ ወረቀት እንዳይረጥብ ሁለቱንም እጆቼን ወደ ላይ ይዤ ወረድኩ። ከኋላዬ አንድ ድንጋይ ተንከባሎ ቀኝ እግሬ ላይ አረፈ። ዝቅ ብዬ ሳይ አጥንቴ ቆዳዬን ቀድዶ ወጥቷል። ነጭ ነበር። ውሃ የሚቀዱ ሴቶች ጮኸው ሰው ጠሩ፤ አንዱ ጎልማሳ አዝሎ እቤት አደረሰኝ። ወረቀቶቹን እንዳልለቀቅኩ የነገሩኝ በኋላ ነው።

እትዬ ዘሀራ አዩኝና ውሃ ጣዱ። ውሃው ፈልቶ እስኪበርድ ድረስ ማንም እንዳይነካኝ ከለከሉ። ከዚያ ቁስሉን ቀስ አድርገው አጠቡ፣ ከሳጥናቸው አንድ አዲስ ሻሽ አውጥተው ሸፈኑት፣ በግራና በቀኝ የተሰነጠቀ ሸምበቆ አድርገው እግሬ እንዳይነቃነቅ ብቻ ላላ አድርገው አሠሩት። እኔ የአማቴን እናት ስም እስኪጠይቁኝ እየጠበቅኩ ጥርሴን ነክሻለሁ። አልጠየቁኝም። ብድግ አሉና እጃቸውን ታጠቡ። «ይሄ የእኔ አይደለም» አሉ። «ደሴ ትሄዳለች።»

ቤቱ በሰው ተሞልቶ ነበር። ከመካከላቸው ጋሽ በላይ የሚባሉት የሰፈሩ ሽማግሌ ተነሱ። ጋሽ በላይ ቃላቸው መሬት የማይወድቅ፣ ሁለት ጎረቤት ሲጣላ መጀመሪያ የሚጠሩ ሰው ናቸው። «ዘሀራ፣ ምን ነካሽ?» አሏቸው። «ደሴ የሄደ እግሩን እዚያው ጥሎ ነው የሚመጣው። ልጅቷ ገና አላገባች፣ አልወለደች። ደግሞስ ከወግዲ ድረስ አንቺን ብሎ የሚመጣው ሰው ምን ይላል? ዘሀራ እጇ ፈራ ነው የሚለው።»

እኔም አለቀስኩ። ከከላላ ጀምሮ የሰማሁት ሁሉ ደሴ ሆስፒታል እግር እንደሚቆረጥ ነው። የእትዬ ዘሀራን ቀሚስ ያዝኩ። «በአላህ ይዤዎታለሁ፣ እርስዎ ይጠግኑኝ። ወደዚያ አይላኩኝ።»

ጎንበስ ብለው እጄን ከቀሚሳቸው አላቀቁና በመዳፋቸው ያዙት። «አብሽሪ ብርቄ» አሉኝ። «ቆዳው ያልተከፈተ ስብራት የእኔ ነው። ይሄኛውን ግን ንፋስ አይቶታል። ንፋስ ያየው አጥንት ከላይ የዳነ ይመስልና ከውስጥ ይበላል። እኔ ደግሞ ከውስጥ አላይም፤ እችላለሁ ብልሽ አልችልም።» ከዚያ ወደ ጋሽ በላይ ዞሩ። «ጋሽ በላይ፣ ስለ ስሜ አይጨነቁ። ስሜ ቢሰበር እኔው እጠግነዋለሁ።»

 ጋሽ በላይ መጥረቢያቸውን አንስተው ወጡ። ከራሳቸው ባሕር ዛፍ ሁለት ቀጥ ያሉ እንጨቶች ቆርጠው፣ ልጠው፣ በጠፍር አያይዘው ቃሬዛ ሠሩ።

መኪና በዚያ ክረምት እኛ ጋ አይደርስም፤ የሚገኘው ከኮረብታው ማዶ፣ የግማሽ ቀን መንገድ ተሂዶ ነው። በማግስቱ ማለዳ አሥራ ስድስት ወንዶች በአያ እንድሪስ ግቢ ተሰበሰቡ። ሽርጥ የታጠቀም ነበር፣ ማተብ ያሠረም ነበር። ጋሽ በላይ ባናቸውን አውልቀው ደረቡብኝ። አያ እንድሪስ ዱዓ አደረጉ፣ ሁሉም አሚን አለ፣ አራት አራት እየሆኑ አነሱኝ። ዝናቡ አላባራ አለ። ባናው ረጠበ፣ ከበደኝ፣ ግን ሞቀኝ፤ የበግ ጠጉሩ ሽታ አፍንጫዬን ሞላው። ከበላዬ የማየው ግራጫ ሰማይና የሚፈራረቁ ፊቶች ብቻ ነበሩ። ዳገቱ ላይ አንዱ ድምፀ መልካም እንዲህ አለ፣ ሌሎቹም ተቀበሉት፦

ቀስ ብለህ እርገጥ ጭቃው ያዳልጣል፣
እህል የተደፋ ሰው ሄዶ ያፍሰዋል፣
ሰው የተደፋ ለት ማን ያነሳዋል።

እትዬ ዘሀራ ከጎኔ ነበሩ። ቃሬዛው ሲወዛወዝ እግሬ እንዳይናጥ በሁለት እጃቸው ይዘውታል። ወንዶቹ አራት አራት እየሆኑ ይቀያየሩ ነበር፤ እሳቸውን የሚቀይር አልነበረም። ጫማቸው ጭቃ ውስጥ ሲቀር አላነሱትም። ውሃ ሲሻገሩ ቀሚሳቸውን አልሰበሰቡም፣ እጃቸው አይበቃም ነበርና። ጠዋት የያዙትን እግር መኪናው ጋ እስክንደርስ አልለቀቁትም።

መኪናው ቆዳ የጫነ የጭነት መኪና ነበር። ሾፌሩ እኔን ጋቢና አስተኛኝ። ወንዶቹ ሊመለሱ ሲሉ ለጋሽ በላይ ባናቸውን ልመልስ ብል እምቢ አሉ። «በእግርሽ ታመጪልኛለሽ» አሉና ፊታቸውን ቶሎ አዞሩ። እትዬ ዘሀራ መኪና ሲሳፈሩ የመጀመሪያቸው ነበር። ደሴንም አይተው አያውቁም። መኪናው ሲነሳ ዓይናቸውን ጨፍነው መቅራት ጀመሩ፤ ቁልቁለት ሲመጣ ድምፃቸው ከፍ ይላል። እኔ የአያ እንድሪስ ልጆች ያስተማሩኝን አብሬያቸው ስል አንድ ዓይናቸውን ገለጥ አድርገው አዩኝ። «ይቺማ ቀርታለች!» አሉና፣ በዚያ ሁሉ ጭንቅ መካከል ሳቅን።

ሆስፒታሉ ስንደርስ የተቀበለን ሐኪም ወጣት ነበር፤ ድካም ያናደደው ይመስል ነበር። ሸምበቆውን ገና ከሩቅ እንዳየ፣ «እናንተ ወጌሾች! አሥራችሁ፣ አጥብቃችሁ፣ እግሩ ከጠቆረ በኋላ ነው ወደ እኛ የምታመጡት!» ብሎ ጮኸ። እትዬ ዘሀራ ጭቃው በባዶ እግራቸው ላይ እንደደረቀ ፊቱ ቆሙ። «ልጄ፣ ቁጣህን ለኋላ አቆየውና መጀመሪያ እግሩን እየው» አሉት። «አልጠገንኩትም፣ አላጠበቅኩትም። ትናንት በዘጠኝ ሰዓት ነው የተሰበረችው።» ሐኪሙ ፈታው። ሻሹን አነሳ። ጣቶቼን አንድ በአንድ ጫን ጫን እያደረገ ደም መመለሱን አየ። ከዚያ ቀና ብሎ በሌላ ድምፅ፣ «እናቴ፣ ይቀመጡ፣ ደክሞዎታል» አላቸው።

እግሬ አልተቆረጠም። ሁለት ጊዜ በቀዶ ጥገና ገቡበት፤ ትኩሳትም ያዘኝ፣ ያበቃልኝ የመሰለበት ሳምንትም ነበር። እትዬ ዘሀራ ባላቸውን፣ ልጆቻቸውንና ላሞቻቸውን ለጎረቤት ትተው ሃያ ቀን ከአልጋዬ ሥር መሬት ላይ ተኙ። በክፍሉ የተኙ ሌሎች በሽተኞች ወጌሻ መሆናቸውን ሰምተው፣ «እስቲ ይሄን ዳብሱልኝ» ሲሏቸው፣ «እዚህ ባለቤት አለው» እያሉ እጃቸውን በሻሻቸው ሥር ይደብቁ ነበር።

ከሁሉ የማልረሳው አንድ ጠዋት ነው። ያ ወጣት ሐኪም የእግሬን ራጅ ይዞ መጣና፣ «እናቴ፣ ይምጡ» ብሎ ወደ መስኮቱ ወሰዳቸው። ፊልሙን ለብርሃኑ ገለጠው። እትዬ ዘሀራ መጀመሪያ ምን እንደሚያዩ አልገባቸውም። ሐኪሙ ራሱን ጎንበስ አድርጎ በራሱ እግር ላይ እያሳየ፣ «ይሄ ትልቁ ነው፣ ይሄ ቀጭኑ፣ ይሄ ቁርጭምጭሚቱ» አላቸው። ያን ጊዜ አንድ ረጅም ጣታቸውን አንስተው ሳይነኩት ከጉልበት እስከ ቁርጭምጭሚት ቀስ ብለው አወረዱት። እንባቸው መጣ። «ያረቢ» አሉ። «ሃያ ዓመት ሙሉ በጨለማ ስዳብሰው የኖርኩት ይሄ ነው? ልክ ነበርኩ። ልክ እንዳሰብኩት ነው የተሠራው።»  ከዚያ ቀን ጀምሮ አዲስ ራጅ በመጣ ቁጥር እሳቸውን ይጠራቸው ነበር፤ ሁለቱ በመስኮቱ አጠገብ ቆመው፣ አንዱ ሲናገር ሌላው ራሱን ሲነቀንቅ፣ እኔ ከአልጋዬ እንደ ትምህርት ቤት አያቸው ነበር።

ወይራ ውሃ የተመለስኩት መስቀል ካለፈ በኋላ፣ መንገዱ ሲደርቅ ነው። ምርኩዝ ይዤ ከመኪናው ማቆሚያ እስከ ጋሽ በላይ ደጅ ተራመድኩና ባናቸውን ሰጠኋቸው። ጋሽ በላይ ባናውን ሳይሆን እግሬን አዩ። ቀኙ ከግራው አንድ ጣት ያህል አጥሯል። «ትንሽ ያዘነብላል» አሉ። «ግን የራስሽ ነው።»

ጋሽ በላይ የፈሩት ነገር ግን ደርሶ ነበር። ዘሀራ እጇ ፈራ፣ አስተማሪዋን መጠገን አቅቷት ደሴ ሰደደቻት የሚለው ወሬ ከእኔ ቀድሞ ወግዲ ገብቷል። ያን በጋ በቅሎ ይታሠርበት የነበረው ደጃቸው ባዶ ሆነ። ከወንዙ ማዶ ሌላ ወጌሻ አለ ተብሎ ሰዉ ወደዚያ ዞረ። እኔ በኀፍረት ልሞት ደረስኩ። እሳቸው ግን ፈትላቸውን ይፈትላሉ፣ ላማቸውን ያልባሉ፣ አንድም ቀን ቅሬታ ከአፋቸው አልወጣም። እየዋለ እያደረ ሰዉ ተመለሰ፤ ሲመለስ ግን የመጣበት ጉዳይ ተለውጦ ነበር። በሽተኛውን እደጅ ያወርዱና፣ «እትዬ ዘሀራ፣ ይሄ የእርስዎ ነው ወይስ የደሴ?» ይላሉ። እሳቸው ዓይናቸውን ጨፍነው ይዳብሱና ይናገራሉ። «የእኔ ነው» ካሉ ሰዉ ይረጋጋል። «የደሴ ነው» ሲሉ ደግሞ ማንም አይከራከራቸውም፣ ቃሬዛው ወዲያው ይሠራል። ስንት እግርና ስንት ነፍስ በዚያች ቃል እንደተረፈ እኔ አላውቅም፤ እሳቸውም አልቆጠሩትም።

ዛሬ ወይራ ውሃን ከተማው ውጧታል። ቦረቦሩ ላይ ድልድይ አለ፣ ድንጋይ የተነጠፈበት መንገድ እስከ ምንጩ ይደርሳል፣ ሱቁ የነበረበት ጥግ ላይ ስልክ ይጠገናል። ሞፈር የተሰቀለበት ግድግዳ ላይ የሳተላይት ዲሽ ተተክሏል። አላዝንም። ያ መንገድና ያ ድልድይ ሳይሠሩ በፊት ስንት ሰው በቃሬዛ እንደተመላለሰ የማውቀው እኔ ነኝ። ሰዉም ያው ነው፤ ለቅሶ ሲደርስ ያለው አቀማመጥ፣ ሲታመሙ የሚያንኳኳው ብዛት አልተለወጠም። እኔ አግብቼ፣ ወልጄ፣ በዚያች ባጠረች እግር ጡረታ እስክወጣ ጥቁር ሰሌዳ ፊት ቆሜያለሁ።

እትዬ ዘሀራ አሉ። አያ እንድሪስ ካረፉ ቆየ፤ እሳቸው ዘጠናን ሳይሻገሩ አልቀሩም፣ ዓይናቸውም ጠፍቷል። ዓርብ ዓርብ እሄዳለሁ። ባለፈው ዓርብ ስገባ እንደ ልማዳቸው እጃቸውን ዘርግተው የቀሚሴን ጫፍ ገለጥ አድርገው እግሬን ዳበሱ። መዳፋቸው አሁንም ሞቃት ነው። «ብርድ ያምሻል?» «ትንሽ ትንሽ።» ቀሚሴን መልሰው አወረዱት። ከዚያ፣ «ብርቄ፣ ያን ቀን ዋሽቼሻለሁ» አሉኝ።

«ምኑን?»

«አልችልም ያልኩሽን። ምናልባት እችል ነበር። እንደ አንቺ ያለ ስብራት ካንቺ በፊት ሦስት መጥቶልኛል። ሁለቱ በእግራቸው ሄደዋል። ሦስተኛው የሦስት ልጆች አባት ነበር፤ በሳምንቱ ትኩሳት ይዞት ሞተ። ማንም አልወቀሰኝም፣ አላህ ያመጣው ነው አሉ። አንቺን ሳይ እጄ ሞክሪው፣ ሞክሪው ይለኝ ነበር። ተነስቼ የታጠብኩት ዝም ላሰኘው ብዬ ነው።»

«ታዲያ ለምን አልሞከሩም? ሁለቱን አድነዋል።»

«ድፍረቱ የእኔ ነበራ» አሉ። «እግሩ ግን ያንቺ ነው።»

 ይሄን ሁሉ ዘመን ትልቅ የመሰለኝ እውቀታቸው ነበር። ልቅሶዬን እንዳይሰሙ ፊቴን በነጠላዬ ያዝኩ። እሳቸው ግን ሰምተዋል። «ተይ እንግዲህ» አሉኝ። «እስቲ ተነሽና ተራመጂ። ዓይኔ አያይም፣ ጆሮዬ ይስማው።»

ተነሳሁ። ከበሩ እስከ ግድግዳው ሄድኩ፤ አንዱ እርምጃ ረዘም፣ አንዱ አጠር ይላል። እትዬ ዘሀራ ጭንቅላታቸውን ዘንበል አድርገው አዳመጡ።

«ድገሚው» አሉ።

ደገምኩት።